አራት ስሞች በምሳ ሰዓት

በጥር መጀመሪያ ላይ አቶ ቪልሞሽ መብላት አቆሙ። ታመሙ አይባልም፤ ሐኪሙ መጥቶ ጉሮሯቸውንም ሆዳቸውንም አይቶ ምንም አላገኘም። ማንኪያው ወደ አፋቸው ሲቀርብ ከንፈራቸውን ገጥመው ፊታቸውን ወደ ግድግዳው ያዞራሉ፤ በቃ። ዘጠና አምስት ዓመት ሊሞላው ሁለት ወር የቀረው ሰው አልበላም ካለ ደግሞ፣ ቀጥሎ የሚመጣውን ለመገመት ሐኪም መሆን አያስፈልግም።

ምሳቸውን የምታበላቸው አስታማሚ ሩሀማ ጥሩነህ ትባላለች። ከሰኞ እስከ ቅዳሜ፣ ከቶሮንቶ ዳር ከስካርቦሮ ሁለት አውቶቡስና አንድ ባቡር ቀይራ፣ ኤግሊንተን ዌስት ጎዳና ላይ ካለ አሮጌ ሕንፃ ስምንተኛ ፎቅ ትደርሳለች። ሃያ ሰባት ዓመቷ ነው። ከዩኒቨርሲቲ በሶሲዮሎጂ ተመርቃ፣ ሥራ ፈልጋ ስታጣ «ለጊዜው» ብላ የገባችበት ኤጀንሲ ውስጥ ይኸው አራት ዓመት ሞላት። ሰው ፊት መናገር አትወድም። ስልክ ሲደወልላት እንኳ ከማንሳቷ በፊት የምትለውን በልቧ ታዘጋጃለች። ይህን ሥራ የወደደችውም ለዚሁ ነበር፤ ከሽማግሌ ጋር ዝም ብሎ መቀመጥ ነውር የለውም።

አቶ ቪልሞሽ ግን ዝም ያለ ሕይወት የኖሩ ሰው አልነበሩም። የሳሎናቸው ግድግዳ ከጥግ እስከ ጥግ በፎቶ የተሞላ ነው፤ ፎቶው ሁሉ ደግሞ የእሳቸው ነው። በአንዱ ጎራዴ ታጥቀዋል፣ በአንዱ የቄስ ቀሚስ ለብሰዋል፣ በሌላው በዝናብ የራሰ ኮት እንደለበሱ ባቡር ጣቢያ ውስጥ ሴት አቅፈዋል። በፈረንጅ አቆጣጠር በ1952 ሃንጋሪ፣ ቡዳፔስት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ መድረክ ላይ ሲወጡ ሃያ ሁለት ዓመታቸው ነበር። አምስት ዓመት ሙሉ ደብዳቤ አድራሽ አሽከር፣ በር ላይ ጦር ይዞ የሚቆም ወታደር ሆነው ተጫወቱ። ከዚያ በ1957 በአንድ ክረምት ዋናው ሚና ለእሳቸው ተሰጠ፤ ያውም የንጉሡ። በሚቀጥሉት አሥር ዓመታት ዘጠኝ ፊልም ሠሩ። ሴቶች ከቲያትር ቤቱ ጓሮ በር ላይ በረዶ እየወረደባቸው ይጠብቋቸው ነበር ይባላል። በ1968 ለፊልም ፌስቲቫል ከአገር ወጥተው በዚያው ቀሩ። ቶሮንቶ ውስጥ ሠላሳ ዓመት ምንጣፍ ሸጡ፤ እሑድ እሑድ ግን በአንድ አዳራሽ ምድር ቤት ውስጥ፣ ታጣፊ ወንበር ላይ ለተቀመጡ ስልሳ የአገራቸው ሰዎች አሁንም ንጉሥ ነበሩ።

ይህን ሁሉ ለሩሀማ የነገሯት ወይዘሮ ማርታ ናቸው። ዘጠና ዓመታቸው ነው፤ ሁለት ሕንፃ ተሻግረው ይኖራሉ፤ ሐሙስ ሐሙስ በከዘራ እየተመሩ፣ በለውዝ የተሞላ ኬክ በፎጣ ጠቅልለው ይመጣሉ። እሳቸውም በዚያው ቲያትር ቤት ተዋናይ ነበሩ።

«ስሜ የናንተም ስም ነው አይደል?» አሏት መጀመሪያ የተገናኙ ቀን።

«አክስቴ ማርታ ትባላለች» አለች ሩሀማ፣ ቀስ ብላ።

«ታዲያ አክስትሽ ነኛ! አክስት ፊት ደግሞ አይታፈርም። ድምፅሽን አውጪው፤ ለማን ነው የምትቆጥቢው?»

ከፎቶዎቹ መካከል አቶ ቪልሞሽ ዘውድ ደፍተው የሚታዩበትን ሁልጊዜ በከዘራቸው ጫፍ ያሳዩዋት ነበር። «ይኼ ሚና የባሌ ነበር» ይላሉ። «የካርቺ። ከሁሉም ይበልጥ ነበር፤ ቪልሞሽ ራሱ ይመሰክራል። ሦስት ሳምንት ሲለማመድ ከርሞ፣ መጋረጃው ሊከፈት አራት ቀን ሲቀር ከነጓደኞቹ የጸጥታ ሰዎች ወሰዷቸው። ፀረ መንግሥት ወረቀት በትናችኋል ተብለው። አልተመለሰም። ቃሉን በአራት ቀን አጥንቶ የሚወጣ ደግሞ ከቪልሞሽ ሌላ ማን ነበር?» ከዚያ ከዘራውን ወደ መሬት ይመልሳሉ። «ማን እንደጠቆመባቸው እስከ ዛሬ አላወቅኩም። እዚህ ስመጣ ኤርፖርት ላይ የተቀበለኝ ቪልሞሽ ነው። ቤት የፈለገልኝ እሱ ነው። ሃምሳ ዓመት ሙሉ አንድ ሐሙስ ቀርቶብኝ አያውቅም።»

በዚያ በጥር ወር፣ አቶ ቪልሞሽ ምግብ ባቆሙ በሰባተኛው ቀን፣ ወይዘሮ ማርታ ኬካቸውን ሳይቆርሱ አጠገባቸው ተቀምጠው ቆዩ። ሽማግሌው እንግሊዝኛቸው ከአፋቸው ጠፍቷል፤ የሚያጉረመርሙት በሃንጋሪኛ ነው፤ እሱም ለማርታ እንኳ አይገባቸውም።

«ተዋናይ ሁሉን ይረሳል» አሉ ወይዘሮ ማርታ ሲነሱ። «የልጁን ስም ይረሳል። ከፊቱ የቆመው ሰው የሚለውን የመጨረሻ ቃል ከሰማ ግን የራሱ ቃል ተከትሎ ይመጣል። ሌላው ሲጨርስ እኔ እጀምራለሁ፤ ሙያችን ይኸው ነው። ያን ቃል ብናገኝለት ኖሮ ይነቃ ነበር።»

ሩሀማ ይህን ነገር ያዘች።

በማግስቱ ሾርባው ፊታቸው ሲቀዘቅዝ፣ አቶ ቪልሞሽ በሁለት ድምፅ ሲናገሩ ሰማቻቸው። አንዱ ድምፅ ዝግ ያለ፣ ለስላሳ ነው፤ አጭር ነገር ይጠይቃል። ሌላው የራሳቸው ነው፤ ይመልሳል። እንደገና ለስላሳው ይጠይቃል፤ እንደገና ይመልሳሉ። በሚቀጥለው ቀንም ያንኑ። ሰኞ ስትመለስም። ቃሉ አንድም አይዛነፍም፤ የሚያቆሙበት ቦታ እንኳ አንድ ነው። ሩሀማ ሌላ ምን ልታስብ? ዕድሜ ልኩን ቃል ሲያጠና የኖረ ሰው ነው። ከቦርሳዋ ደብተሯን አወጣችና በፊደል ጻፈችው።

ፊደል የተማረችው ቤተ ክርስቲያናቸው ቅዳሜ ቅዳሜ ልጆችን በሚያስተምርበት ክፍል ነው፤ መዝሙር ትገለብጥበት ነበር። በእንግሊዝኛ ፊደል አንዱ ተጽፎ ሌላ ይነበባል፤ በአማርኛው ግን የሰማችውን ድምፅ እንዳለ ታስቀምጣለች። ትርጉሙን ባታውቅም ሃንጋሪኛው በፊደሉ ልክክ አለላት። የለስላሳው ድምፅ ጥያቄ ሁለት ብቻ ነበር። መጀመሪያ «ኪክ ቮልታክ ኦት?» ይላል። ከዚያ በኋላ ሁሉ «ኪ ቮልት ሜግ?» ነው።

ማክሰኞ በሩን ዘጋች። ሾርባውን አሙቃ ከፊታቸው አስቀመጠች፤ ማንኪያውን ይዛ፣ ጆሮዋ እየጋለ፣ «ኪክ ቮልታክ ኦት?» አለች።

አቶ ቪልሞሽ ፊታቸውን ከግድግዳው መለሱ። ጎባጣው ጀርባቸው ቀና አለ። ሁለቱን መዳፎቻቸውን ጠረጴዛው ላይ ዘርግተው አስቀመጡና፣ በጠራ ድምፅ፣ «ሴሌሽ ፓል» አሉ።

«ኪ ቮልት ሜግ?»

«ባርታ ኢሽትቫን።»

«ኪ ቮልት ሜግ?»

«ኮቫች ያኖሽ።»

«ኪ ቮልት ሜግ?»

«ሃላስ ካሮይ» አሉና አንድ ረዘም ያለ ነገር አከሉበት። ከዚያ አፋቸውን ከፈቱ። ሩሀማ ማንኪያውን አጎረሰቻቸው። ሳህኑ እስኪጸዳ ድረስ በሉ።

እንዲህ ሆኖ ሁለት ወር አለፈ። አቶ ቪልሞሽ ሦስት ኪሎ ጨመሩ። ሰገነት የምትባለው የኤጀንሲው ሱፐርቫይዘር ደውላ «ምን አቀመስሻቸው በይ? ለሌሎቹም ንገሪያቸው እንጂ!» ስትላት፣ ሩሀማ «ትንሽ አወራቸዋለሁ» ብቻ አለች። ለማንም አልተናገረችም። ወይዘሮ ማርታ ሲኖሩ ምሳውን አስቀድማ ታበላለች ወይም እስኪሄዱ ታቆያለች፤ በሃንጋሪዋ ሴት ፊት ያን የተሰባበረ ሃንጋሪኛዋን ከማሰማት መሬት ብትውጣት ትመርጣለች። ብቻዋን ስትሆን ግን ደስ ይላት ነበር። በስምንተኛው ፎቅ ላይ፣ ማንም በማያያት ቦታ፣ ከታላቅ ተዋናይ ጋር ትጫወታለች።

አንዳንድ ነገር ብቻ ግር ይላት ነበር። አቶ ቪልሞሽ ስሞቹን እስኪጨርሱ ድረስ መዳፋቸውን ከጠረጴዛው አያነሱም፤ አንድ ቀን ዝንብ ግንባራቸው ላይ አርፋ እንኳ አላባረሯትም። ሁለት ጊዜ ደግሞ ሦስተኛው ስም ላይ ሲደርሱ ወንበሩ ላይ ሸንተውባቸዋል። ሩሀማ ልብሳቸውን ስትቀይር በልቧ ታደንቃቸው ነበር። ሚናው ውስጥ እንዴት ቢገቡ ነው ትል ነበር።

በመጋቢት፣ ልደታቸው ሊደርስ ሦስት ቀን ሲቀረው፣ ወይዘሮ ማርታ በሐሙስ ቀናቸው ኬክ ሳይሆን የቲያትር ጽሑፍ ይዘው መጡ። ጥርሳቸውን ሁሉ እያሳዩ፣ እሑድ በሃንጋሪዎቹ ማኅበር አዳራሽ መቶ ሃያ ሰው እንደተጠራ ተናገሩ። አቶ ቪልሞሽ መድረኩ ላይ ይወጣሉ፤ ከንጉሡ ሚና አንዲት አጭር ንግግር ብቻ ይላሉ፤ ሰው ቆሞ ያጨበጭብላቸዋል።

«እስቲ እንሞክረው» አሉና ከወረቀቱ ላይ የሌላውን ተዋናይ ቃል በትልቅ ድምፅ አነበቡ። አቶ ቪልሞሽ መስኮቱን ያያሉ። ደግመው አነበቡ። ሦስተኛ ጊዜ አንብበው ወረቀቱን አጠፉት።

«ጠፍቶበታል» አሉ። «ለዚህ ሁሉ ሰው ምን ልበል?»

ሩሀማ የማርታን ፊት ማየት አቃታት። ሳታስበው ከአፏ ወጣ። «ሌላ አለ… ሁልጊዜ የሚሉት።»

«ምን አልሽ?»

«ጥያቄና መልስ ነው። እኔ እጠይቃለሁ፤ እሳቸው ይመልሳሉ። አንድም አይሳሳቱም።»

ወይዘሮ ማርታ ጉልበቷን ያዙ። «ከየትኛው ቲያትር ነው? በይልኝ እስቲ!»

«አሁን አልችልም» አለች ሩሀማ፣ አንገቷ ሁሉ ቀልቶ። «ነገ በስልኬ ቀርጬ እልክልዎታለሁ።»

«አንቺ ልጅ ጉደኛ ነሽ! እንግዲያው እሑድ መድረኩ ላይ አብረሽው ትቀመጫለሽ። ቃሉን የምታቀብይው አንቺ ነሽ። እንቢ ማለት የለም፤ አክስትሽ ነኝ።»

ሩሀማ ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰዳትም። መቶ ሃያ ሰው! ዓርብ ቀን ምሳ ስታበላቸው የሚባባሉትን ሁሉ ቀረጸች። ከመላኳ በፊት ግን አንድ ነገር አሰበች፤ ሰው ፊት ቆማ የማታውቀውን ነገር ልትናገር ነው። ቢያንስ ምን እንደምትል ማወቅ አለባት። የትርጉሙን አፕ እስከዚያ ቀን ድረስ ያልከፈተችው ስለ ሰነፈች አልነበረም፤ ቲያትር ነው ብላ ስላመነች የሚተረጎም ነገር ያለ አልመሰላትም። ወደ ስካርቦሮ በሚመለሰው አውቶቡስ የኋላ ወንበር ላይ ተቀምጣ ቅጂውን ለስልኩ አሰማችው። ቃሉ በስልኩ መስታወት ላይ መስመር በመስመር ወጣ፤ በሃንጋሪኛ የሚቀድመው የቤተሰብ ስም ወደ ኋላ ሄዷል።

እነማን ነበሩ እዚያ?

ፓል ሴሌሽ።

ሌላስ ማን ነበር?

ኢሽትቫን ባርታ።

ሌላስ ማን ነበር?

ያኖሽ ኮቫች።

ሌላስ ማን ነበር?

ካሮይ ሃላስ። የተሰበሰብነው በእሱ ክፍል ነው። ወረቀቱን የጻፈው እሱ ነው። አሁን መብላት ይፈቀድልኛል?

ሩሀማ የመጨረሻውን መስመር ብዙ ጊዜ አነበበችው። አውቶቡሱ ሁለት ፌርማታ አለፋት። በአቶ ቪልሞሽ ፍሪጅ ላይ የተለጠፈውን የኤጀንሲውን ወረቀት በየቀኑ ታየዋለች። «በአደጋ ጊዜ የሚጠራ ሰው» በሚለው ሥር የተጻፈው ስም ማርታ ሃላስ ነው። ዓይኗ ያየውንና ጆሮዋ የሰማውን አንድም ቀን አገናኝታው አታውቅም ነበር። ካርቺ የካሮይ የቁልምጫ ስም ነው።

ቅጂውን አልላከችውም።

ቤት ስትደርስ እናቷ አጸደ ሥራ ላይ ነበረች። አባቷ ሳሎን ውስጥ፣ እንደ ልማዱ ጀርባውን ለግድግዳ ሰጥቶ፣ ብርቱካን ይልጥ ነበር። ጥሩነህ በወጣትነቱ በደርግ ጊዜ ታስሯል። ጸሎት ቤታቸው ተዘግቶ ምእመናን ከቤት ቤት እየተደበቁ የሚጸልዩበት ጊዜ ነበር። ይህን ሩሀማ ከቤተ ክርስቲያን ሰዎች ሰምታለች፤ እሱ ራሱ ግን ከ«ሰባት ወር» በቀር ምንም ነግሯት አያውቅም።

«አባዬ» አለችው፣ ኮቷን ሳታወልቅ። «ያኔ ስትታሰር… የሚጠይቅህ ሰው ምን ይመስል ነበር?»

ቢላዋው ቆመ። «ይኼን ደግሞ ምን አመጣው?»

«ሥራ ቦታ አንድ ሽማግሌ አሉ። እሳቸውም ተጠይቀው የሚያውቁ ይመስለኛል።»

ጥሩነህ ብርቱካኑን አገላበጠ። «ሰው ሁሉ የሚጮህ ይመስለዋል» አለ። «የኔው አይጮህም ነበር። ድምፁ እንዴት ልበልሽ… እንዳንቺ ነበር፤ ዝግ ያለ። የተማረ ልጅ ነው። አራት ቀን ምግብ ከለከሉኝና በአምስተኛው ቀን አስጠራኝ። ጠረጴዛው ላይ ምስር ወጥ በሳህን አስቀምጦ፣ ‹ማታ ለጸሎት ስትሰበሰቡ እነማን ነበሩ?› አለኝ። እንደ ታላቅ ወንድም።»

«ከዚያስ?» አለች ሩሀማ።

አባቷ ቀና ብሎ አያት። 

«ከዚያማ በላሁ» አለ።

ተነሥቶ የብርቱካኑን ልጣጭ ወደ ኩሽና ይዞ ሄደ፤ ውኃው ሲከፈት ሰማች። ቀጥሎ የሚጠየቀውን ጥያቄ ሩሀማ ታውቀዋለች፤ በሃንጋሪኛ በቃሏ ነው። አልጠየቀችውም።

ቅዳሜ ስምንተኛው ፎቅ ላይ ስትደርስ ውሳኔዋን ይዛ ነበር። ከእንግዲህ አትጠይቃቸውም። እሑድም አይሄዱም፤ ጉንፋን ይዟቸዋል ትላለች። ወይዘሮ ማርታ ዘጠና ዓመታቸው ነው፤ ይህን ሳይሰሙ ቢያልፉ ማንን ይጎዳል? የዶሮ ሾርባውን አሙቃ፣ በጣም የሚወዱትን ነጭ ዳቦ ነክራ አቀረበችላቸው።

አቶ ቪልሞሽ ግን መዳፋቸውን ጠረጴዛው ላይ ዘርግተው ይጠብቁ ነበር።

ማንኪያውን አስጠጋችላቸው። ከንፈራቸውን ገጠሙ። ዓይናቸው ከአፏ ላይ አልተነሳም። አምስት ደቂቃ አለፈ፤ አሥር። ሽማግሌው መንቀጥቀጥ ጀመሩ፤ በመጀመሪያ ጣታቸው፣ ቀጥሎ አገጫቸው። ዝምታዋ ከጥያቄዋ ይልቅ አስፈራቸው። አንድ ጥፋት ሠርተው ያላወቁት፣ ጠያቂው ግን ያወቀባቸው ይመስል፣ ወንበራቸው ላይ እየተኮራመቱ ሄዱ። ሩሀማ እጃቸውን ልትይዝ ስትዘረጋ ፊታቸውን በክንዳቸው ከለሉ።

በሩ ተንኳኳ። ወይዘሮ ማርታ በአንድ እጃቸው ከዘራ፣ በሌላው በላስቲክ የተሸፈነ ጥቁር ሱፍ ይዘው ገቡ።

«ሌሊቱን ሙሉ ስልኬን አቅፌ አደርኩ!» አሉ። «የታለ የላክሽልኝ? ለነገሩ ይቅር፤ በጆሮዬ ልስማው ብዬ መጣሁ።» ሱፉን ሶፋው ላይ ጣል አድርገው ሳህኑን አዩ። «አልበላም እንዴ?»

«ዛሬ ደክሟቸዋል። ጉንፋን ሳይዛቸው አይቀርም። ነገም ባይሄዱ…»

«ምን ጉንፋን? ይንቀጠቀጣል እኮ፤ ርቦታል! ያን ነገር በይለትና ይብላ።»

«ወይዘሮ ማርታ፣ ዛሬ ይቅር።»

«ለምን?»

ሩሀማ ሾርባውን አማሰለች። ዕድሜዋን ሁሉ ዝምታ አድኗት ያውቃል፤ አሁን ግን ምንም ሊሆንላት አልቻለም። ወይዘሮ ማርታ ከአቶ ቪልሞሽ ፊት ለፊት ካለው ወንበር ላይ እያቃሰቱ ተቀመጡ።

«ስሚኝ፣ ልጄ» አሉ፣ ሳቃቸው ከፊታቸው ጠፍቶ። «በጥር አልበላም ሲል ስንት ቀን ቆየ? ያኔ ገላው ላይ ሥጋ ነበረው፤ አሁን ምን አለው? በሐፍረትሽ ምክንያት ሰውየውን ልትገይው ነው?»

አቶ ቪልሞሽ አፏን ያያሉ። ምራቃቸውን ሲውጡ ጉሮሯቸው ይታያል። ሩሀማ ማንኪያውን አነሣች። ሌላ የምትለው ነገር ቢቸግራት በአማርኛ ተናገረች፤ ያ ቋንቋ በዚህ ክፍል ውስጥ ማንንም አይጎዳም ብላ።

«ይብሉ፣ አባባ» አለች፣ ድምፅዋን በጣም ዝቅ አድርጋ። «ማንም ምንም አይጠይቅዎትም።»

የሽማግሌው ጀርባ ቀና አለ። ቃሉን አልፈለጉትም፤ ድምፅዋ በቃቸው።

«ሴሌሽ ፓል» አሉ።

ወይዘሮ ማርታ በደስታ ከዘራቸውን ወለሉ ላይ መቱ። «ድምፁ! ድምፁን ሰማሽው? አሁንም እኮ አለ…» ከዚያ ግንባራቸውን ቋጠር አደረጉ። «ፓል ሴሌሽ? እኛ ጋ እንዲህ የሚባል ልጅ ነበር።»

«ባርታ ኢሽትቫን» አሉ አቶ ቪልሞሽ። ዛሬ በየመሀሉ የሚጠይቃቸው ስለሌለ ይቸኩሉ ነበር። «ኮቫች ያኖሽ።»

ከዘራው ቆመ። ሩሀማ ማንኪያውን ሞልታ፣ አፋቸው ለአራተኛው ሲከፈት ከተተችው። ሾርባው በአገጫቸው ወርዶ ሸሚዛቸው ላይ ፈሰሰ። አቶ ቪልሞሽ ትን ብሏቸው ሳሉና ዋጡ። ሩሀማ ሁለተኛውን ልትሞላ ስትዞር፣ ሽማግሌው ጉሮሯቸውን ጠረጉና፣ ከመድረክ እስከ መጨረሻው ረድፍ በሚደርስ ድምፅ አሉት።

«ሃላስ ካሮይ።» የተሰበሰቡት በማን ክፍል እንደሆነ፣ ወረቀቱን ማን እንደጻፈው፣ አንድ ቃል ሳያስቀሩ ተናገሩ። መጨረሻ ላይ ያቺን ትንሽ ጥያቄያቸውን ጠየቁ፤ አፋቸውንም ከፈቱ።

ማንም አላጎረሳቸውም።

 ወይዘሮ ማርታ ፎቶዎቹን ሳይሆን ሶፋው ላይ የተጋደመውን ሱፍ ተመለከቱ።

«ከመቼ ጀምሮ ነው?» አሉ።

«ከጥር። በየቀኑ።»

«አንቺ እየጠየቅሽው።»

«አላወቅኩም ነበር። ትናንት ነው ያወቅኩት። ቲያትር መስሎኝ…»

«ቲያትር» አሉ ወይዘሮ ማርታ። «አራት ስም ነው የሚለው?»

«አራት።»

«ከዚያ በኋላስ?»

«ከዚያ በኋላ የለም። ይበላሉ።»

ወይዘሮ ማርታ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ በሐዘን ሳይሆን፣ ቆጥሮ ያልሞላለት ሰው እንደሚያደርገው። «የወሰዷቸው አምስት ናቸው» አሉ። «አምስተኛዋ ታናሽ እህቴ ነበረች። አሥራ ስምንት ዓመቷ ነው። ትኬት ቆራጭ ነበረች።»

እጃቸውን ዘረጉ። ሩሀማ ምን እንደሚፈልጉ የገባት ጣቶቻቸው ማንኪያውን ከእጇ ሲወስዱ ነው። ወንበራቸውን ወደ ጠረጴዛው ሳቡ፤ ከዘራውን ተደግፈው ሳይሆን በራሳቸው ጉልበት።

«ለአዳራሹ ሰዎች ነገ እንደማንመጣ እኔ እነግራቸዋለሁ» አሉ፣ ወደ ሩሀማ ሳይዞሩ። «ሰኞም ስትመጪ ቤቱን አጽጂ፣ ልብሱን እጠቢ። ምሳውን ከዛሬ ጀምሮ እኔ ነኝ የማበላው።»

«ወይዘሮ ማርታ፣ መጀመሪያ ይብሉ» አለች ሩሀማ። ድምፅዋ ከፍ ብሎ ወጣ፤ ከመስኮቱ መስታወት ተመልሶ ለራሷ ተሰማት። «እባክዎ። ከትናንት ጀምሮ ከአንድ ማንኪያ በቀር አልቀመሱም።»

አሮጊቷ የሰሙ አይመስሉም። ማንኪያውን ከሾርባው ውስጥ አስገብተው እዚያው ተዉት። ጎንበስ ብለው፣ ሩሀማ ከእሳቸው ሰምታው በማታውቀው፣ ዝግ ባለና በለሰለሰ ድምፅ፣ «ኪ ቮልት ሜግ?» አሉ፤ ሌላስ ማን ነበር?

አቶ ቪልሞሽ መዳፎቻቸውን ጠረጴዛው ላይ ዘረጉ። ከማርታ ፊት ወደ ሳህኑ፣ ከሳህኑ ወደ ማርታ ፊት አዩ። አምስተኛውን ስም አያውቁት እንደሆነ፣ ወይም ስልሳ ስምንት ዓመት ሲዘልሉት የኖሩ እንደሆነ፣ አይታወቅም። አፋቸውን ከፈቱ።

ማንኪያው አልተነሣም።